የአቶ ይርጋ ሂሳብና የሃያ ዓመቱ ወለድ

ነሐሴ ሲገባ ሐረጎ ቁልቁለት ላይ ጉም ይተኛል። ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ የሚወርድ መንገደኛ ከፊቱ ያለውን መኪና የኋላ መብራት እየተከተለ ይወርዳል እንጂ ገደሉን አያየውም። ወይዘሮ ባይነሽ ያን ዕለት ጠዋት በሚኒባሱ የመጨረሻ ወንበር፣ በመስኮቱ በኩል የተቀመጠችው ከሰው ላለመነጋገር ብላ ነበር። ኮምቦልቻ የምትወርድበትን ጉዳይ ለማንም አልተናገረችም። ነጠላዋን ወደ ፊቷ ሳብ አድርጋ በመስታወቱ ላይ የሚወርደውን ውሃ ታይ ጀመር።

መኪናው ሊሞላ አንድ ሰው ሲቀረው አቶ ይርጋ ጎንበስ ብለው ገቡ። ባዶ የነበረው ቦታ ከእሷ አጠገብ ያለው ብቻ ነበር።

አቶ ይርጋ የሠፈሯ እድር ገንዘብ ያዥ ናቸው። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የክርስቲያኑንም የሙስሊሙንም መዋጮ በአንድ መዝገብ ሲይዙ አንዲት ብር ጎደለች ተብሎ አያውቅም። የባይነሽ ባል ደሳለው ያረፈ ጊዜ የእድሩን ገንዘብ ድንኳን ውስጥ ቆጥረው፣ ደግመው ቆጥረው፣ በእጇ ያስያዟት እሳቸው ነበሩ። ስለዚህ ሌላውን ሰው ዝም ብትል እሳቸውን ዝም ልትል አትችልም።

“ጋሼ ይርጋ፣ እንደምን አደሩ? ዛሬማ ሽክ ብለዋል።”

“እንዴት አልል፣ ባይነሽ ልጄ! ለልጄ ለምንይሉ ቤት ልፈርም እኮ ነው የምወርደው።” ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ፤ ደስታቸው ግን ዝቅ አላለም። “እዚያው ኮምቦልቻ፣ ፋብሪካው አጠገብ፣ ሦስት ክፍል ቤት። አንድ ሚሊዮን ስድስት መቶ ሺህ ብር። ስድስት መቶውን እሱና እጮኛው ሩቲ አጠራቅመዋል። አንዱን ሚሊዮን ባንክ ያበድራል፣ ለሃያ ዓመት።”

“እርስዎ የሚፈርሙት ታዲያ ምንድን ነው?”

“ባንኩ ለቤቱ የሰጠው ግምት ለብድሩ አልበቃ አለና የእኔን የደሴውን ቤት ተጨማሪ መያዣ አሉን። ካርታውን ይዣለሁ።” የኮታቸውን ደረት መታ መታ አደረጉ። “ከአባቴ የወረስኩት ነው። ባለቤቴ አልጣሽ ትንሽ አጉረመረመች፤ ኋላ ግን መርቃ ሸኘችኝ። ለልጅ ያልሆነ ቤት ለማን ይሆናል?”

ባይነሽ “እንኳን ደስ ያለዎት” ማለት ነበረባት። እንዲህ ሲባል የሚመለሰው ያ ነው። ቃሉ ግን ከአፏ አልወጣ አላት።

ቁልቁለቱን ግማሽ ያህል እንደወረዱ ሚኒባሱ ቆመ። ሹፌሩ ሀፊዝ ወርዶ ጉሙ ውስጥ ጠፋና ጥቂት ቆይቶ ተመለሰ።

“ያ ጀመዓ፣ አብሽሩ! ሲሚንቶ የጫነ መኪና ተገልብጦ መንገዱን ዘግቷል። ሰው አልተጎዳም፣ አልሐምዱሊላህ። ማንሻው ከኮምቦልቻ እስኪመጣ ግን እዚሁ ነን። በጣም የቸኮለ ካለ በገደሉ በኩል አቋራጭ አለለት።”

ሳቅ ተሰማ። ወጣቶቹ እያጉረመረሙ ወረዱ፤ የቀሩት በየልብሳቸው ተጠቀለሉ። ባይነሽ እጇን እጇ ላይ አድርጋ ለጥቂት ጊዜ ከራሷ ጋር ተሟገተች። ደሴ ኮሌጅ ውስጥ የሂሳብ አያያዝ ስታስተምር አሥራ ስድስት ዓመት ሆኗታል። ዝም ብትል እኚህ ሰው ከሁለት ሰዓት በኋላ ይፈርማሉ።

“ጋሼ፣ ወለዱ ስንት ነው?” አለች በመጨረሻ።

“አሥራ ሰባት በመቶ። ምን ያስፈራል? አንድ ሚሊዮን ላይ መቶ ሰባ ሺህ መጨመር ነው። በእድራችንስ የምናደርገው ይህንኑ አይደል? አሥር ሺህ የወሰደ አሥራ አንድ ሺህ ይመልሳል። በዓመቱም ይመልስ፣ በሁለት ዓመቱም ይመልስ፣ ያው አሥራ አንድ ሺህ ነው። ሃያ ዓመት ታግሦ መቶ ሰባ ሺህ ብቻ የሚለኝ ባንክ ከሥጋ ዘመድ ይሻለኛል!”

አቶ ይርጋ የተሳሳቱት ሂሳብ ስለማያውቁ አይደለም። የእድሩ ደንብ የወጣው ለሐዘንተኛና ለታመመ ሰው ነው፤ ጊዜ በገፋ ቁጥር ችግርተኛው ላይ እንዳይከብድ ተብሎ ወለዱ አንዴ ብቻ እንዲታሰብ ተደርጓል። ሃያ ሁለት ዓመት በዚያ ደንብ የቆጠረ ሰው ሌላ አቆጣጠር መኖሩን ይረሳል። እሳቸውም የጎረቤትን ርኅራኄ ከማያውቃቸው መሥሪያ ቤት ሊጠብቁ ነበር።

“የእድሩ ወለድ አንዴ ታስቦ ያልቃል፣ ጋሼ። የባንኩ ግን ዕዳው እስኪያልቅ ድረስ በየጊዜው፣ በቀረው ዕዳ ላይ ይታሰባል።”

“ተይ እንጂ! እናንተ የተማራችሁ ሰዎች ቀላሉን ነገር ካላወሳሰባችሁ እንቅልፍ አይወስዳችሁም።”

“እንግዲያስ እኔ አልናገር፤ እርስዎ ያስሉት። የወሩ ክፍያ ስንት ተባለ?”

“አሥራ አራት ሺህ ስድስት መቶ ስድሳ ስምንት። የልጆቹ ደመወዝ ተደምሮ ሃያ ስድስት ሺህ ይገባል፤ ይችሉታል።”

“በአሥራ ሁለት ያባዙልኝ።”

አቶ ይርጋ እርሳስ አላወጡም። ዓይናቸውን ጨፈን አድርገው ከንፈራቸውን ብቻ አንቀሳቀሱ። “መቶ ሰባ ስድስት ሺህ አሥራ ስድስት።”

“ያ የአንድ ዓመት ክፍያ ነው። የሃያ ዓመቱ ወለድ ያሉት መቶ ሰባ ሺህ እንግዲህ በመጀመሪያው ዓመት ተከፍሎ አለቀ። አሁን በሃያ ያባዙት።”

ከንፈራቸው እንደገና ተንቀሳቀሰ። መሀል ላይ ቆመ። ዓይናቸውን ገለጡ።

“ሦስት ሚሊዮን…” አሉ። “ሦስት ሚሊዮን አምስት መቶ ሃያ ሺህ ሦስት መቶ ሃያ። የለም፣ ተሳስቻለሁ።”

እርሳሳቸውን አወጡ። የባንኩን ፖስታ ጀርባ ጉልበታቸው ላይ ዘርግተው በጽሑፍ አባዙት። ከዚያም ከላይ ወደ ታች የደመሩትን ከታች ወደ ላይ ደመሩት። ቁጥሩ አልተለወጠም።

መሪውን ተደግፎ ሲያደምጥ የቆየው ሀፊዝ ዘወር አለ። “አንድ ሚሊዮን ወስዶ ሦስት ሚሊዮን ተኩል መክፈል! እኛ ወለድ ሀራም ነው ስንል ትስቁብን ነበር።”

“አንተ መኪናህን ጠብቅ! ደግሞስ ይህን መኪና በምን ገዛኸው?”

“ከአጎቴ ተበድሬ ነዋ። ወላሂ፣ አንዲት ሳንቲም ወለድ አልጠየቀኝም። ብቻ በየሰርጉና በየለቅሶው ዘመዱን ሁሉ በነጻ አመላልሳለሁ። ይኸው አምስት ዓመቴ!”

ከፊት የተቀመጡት ሳቁ። አቶ ይርጋ ግን አልሳቁም።

“እሺ፣ ይሁን፤ ብዙ ነው” አሉ ወደ ባይነሽ ዘንበል ብለው። “ነገር ግን ኪራይስ? ምንይሉ አሁን ለአንድ ክፍል አምስት ሺህ ይከፍላል። ኪራይ የተቀደደ ኪስ ነው። ይኸኛው ብዙም ቢሆን የራስ ቤት ይሆናል።”

“ወለድስ ምንድን ነው፣ ጋሼ? የገንዘብ ኪራይ ነው። ልጆቹ ከአንድ አከራይ ወጥተው ወደ ሌላ አከራይ መሄዳቸው ነው። ከወሩ ክፍያ ላይ ወደ ቤቱ የሚገባው ስንት እንደሆነ ላሳይዎት። የሚሊዮኑ አሥራ ሰባት በመቶ ስንት ነው?”

“መቶ ሰባ ሺህ።”

“ለአሥራ ሁለት ወር ያካፍሉት።”

“አሥራ አራት ሺህ አንድ መቶ ስድሳ ሰባት፣ ጥቂት ሳንቲም ሲቀር።”

“የመጀመሪያው ወር ወለድ ያ ነው። ከሚከፍሉት ላይ ይቀንሱት።”

አቶ ይርጋ ቀነሱ። የጻፉትን ለረዥም ጊዜ ተመለከቱት።

“አምስት መቶ አንድ ብር” አሉ።

“ከአሥራ አራት ሺው ውስጥ ዕዳውን የሚነካው እሱ ብቻ ነው። ክፍያው በገፋ ቁጥር ያድጋል፤ አስተዳደጉ ግን አዝጋሚ ነው። ልጆቹ ዓመቱን ሙሉ አንድ ወር ሳያጓድሉ ቢከፍሉ ከሚሊዮኑ የሚቀንሰው ስድስት ሺህ አምስት መቶ ያህል ነው። በአምስት ዓመት ከስምንት መቶ ሰማንያ ሺህ ብር በላይ ያስገባሉ፤ ዕዳቸው ገና ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ሦስት ሺህ ይሆናል። ይመኑኝ አልልዎትም። ከውሉ ጋር የተያያዘ የክፍያ ሰንጠረዥ አለ። ፖስታው ውስጥ ይፈልጉት።”

ሰንጠረዡ ከመጨረሻው ገጽ በስተጀርባ ነበር፤ ሁለት ጊዜ እንደታጠፈ፣ ሳይገለጥ። አቶ ይርጋ መነጽራቸውን አድርገው በጣታቸው እየተከተሉ ወረዱ። የእድሩን መዝገብ እንዲህ ነው የሚያነቡት። ከዚያ በላይ ባለው ገጽ ላይ ደግሞ ባይነሽ አንድ አንቀጽ አሳየቻቸው፤ ባንኩ የወለዱን ልክ ወደፊት መለወጥ እንደሚችል የሚገልጽ ነበር።

“ስለዚህ ይህም ሦስት ሚሊዮን ቢሆን…”

“ዛሬ ባለው ወለድ ነው። ነገ ሊጨምር ይችላል።”

አቶ ይርጋ መነጽራቸውን አወለቁ። ከዚያ በኋላ የተናገሩት የሂሳብ ክርክር አልነበረም፤ ከሂሳብ ጋር ይታገሉ የነበሩትም ስለዚህ ነው።

“ቃል ሰጥቻለሁ፣ ባይነሽ። ሽማግሌ ሆነን የሩቲ አባት ቤት የሄድን ዕለት፣ ‘ልጅዎ በኪራይ ቤት አትገባም፣ ልጄ በራሱ ቤት ይቀበላታል’ ብዬ በአራት ሰው ፊት ቆሜ ተናግሬያለሁ። ሰርጉ ለጥር ተቆርጧል። አሁን በምን አፌ እመለሳለሁ?”

“ሩቲ ውሉን አይታዋለች?”

“ገና ቤት ያልገባች ልጅ ምኑን ታያለች? የምንይሉን ውል ምንይሉ ካነበበው ይበቃል። እጮኛህ ትመርምርህ ብዬ ብነግረው ልጁ ምን ይሰማዋል?”

“አንብቦታል?”

“ያነበበው ይመስለኛል።”

“ጋሼ፣ እሷም እኮ ሃያ ዓመት ትከፍላለች። ምንይሉ ላይ አንድ ነገር ቢደርስ ደግሞ…”

“አፍሽን ያዢ!” አቶ ይርጋ ጮኹ። ከፊት የተቀመጠች ሴት ዞር ብላ አየቻቸው። “ሰርጉ ሳይደርስ ልጄ ላይ ሟርት! አንቺ እንዲህ ያለ ነገር ትናገሪያለሽ ብዬ አላስብም ነበር።”

ጉሙ መስታወቱ ድረስ መጥቶ ስለነበር በውጭ የሚታይ ነገር አልነበረም። ባይነሽ መስኮቷን ጥቂት ከፈተችና መልሳ ዘጋችው። እዚህ ላይ ብትተወው ማንም አይወቅሳትም። የራሷን ሐዘን በሰው ጉዳይ ውስጥ ማግባት ደግሞ አትወድም፤ ሁለት ዓመት ሙሉ በሥርዓት አስቀምጣው ኖራለች።

“ጋሼ፣ እድር ምንድን ነው?” አለች ወደ መስኮቱ እንዳየች። “በየወሩ እቤታችን እየመጣችሁ የምትሰበስቡት ለማን ነው? ከእኛ አንዱ ይሞታል ብለን አይደለም? ሃያ ሁለት ዓመት የሞትን መዝገብ ሲይዙ ሟርተኛ ያለዎት የለም።”

አቶ ይርጋ እርሳሳቸውን ፖስታው ላይ አስቀመጡ።

“ደሳለው ኮምቦልቻ ቤት ሲገዛ ስምንት መቶ ሺህ ተበድሮ ነበር። በዚሁ ወለድ፣ ለዚሁ ሃያ ዓመት። እኔ ይህንን ሂሳብ ጥቁር ሰሌዳ ላይ እየጻፍኩ ለተማሪ አስተምራለሁ። ውሉን ግን ‘እስኪ አምጣው’ ብዬው አላውቅም። ቤቱን የገዛው እሱ፣ የፈረመው እሱ፤ ብጠይቀው ያላመንኩት ይመስለዋል ብዬ ተውኩት። የሕይወት ዋስትና ግባ ማለትም ሟርት መሰለኝ። ሰባት ዓመት ከፈልን፤ ከዘጠኝ መቶ ሰማንያ ሺህ በላይ። እሱ ካረፈ በኋላ ባንክ ሄጄ ስጠይቅ ግማሹ ያለቀ መስሎኝ ነበር።”

“ስንት ቀርቶ?” አሉ አቶ ይርጋ ቀስ ብለው።

“ሰባት መቶ ሠላሳ ስድስት ሺህ።”

ዝናቡ ጣሪያውን ይደበድብ ነበር። ሀፊዝ ከመስታወቱ ውስጥ ያያት የነበረውን ዓይኑን መለሰ።

“በአንድ ደመወዝ አንድ ዓመት ተኩል ሞከርኩት። ከዚያ ቤቱን ሸጥኩት። ዕዳውና ቅጣቱ ሲነሳ እጄ ላይ የቀረው ለሁለት ዓመት ቤት ኪራይ ቢበቃ ነው። ዛሬ የምወርደው የቤቱን ስም ለገዛው ሰው ላዞርለት ነው። እኔም ልፈርም ነው፣ ጋሼ።”

ይህን ስትናገር ድምፅዋ አልተለወጠም። አቶ ይርጋ ግን እድሩን ወክለው ያን ጊዜ ያስያዟትን ገንዘብ አሰቡና፣ እንዳልበቃ እስከ ዛሬ ባለማወቃቸው አፈሩ።

“ለምን ለእኛ አልነገርሽንም?”

“ማን ይናገራል? ዕዳ ያለበት ሰው ሁሉ ዝም ስላለ እኮ ነው ሁላችንም በየተራ የምንገባበት።”

አቶ ይርጋ፣ “ታዲያ ልጆቹ ሜዳ ላይ ይደሩ ነው የምትዪኝ?” ሲሉ ድምፃቸው የሚከራከር ሰው ድምፅ አልነበረም፤ መንገድ የሚጠይቅ ሰው ድምፅ ነበር።

“ብድር አይውሰዱ አላልኩም። ልካቸውን ይውሰዱ። ይህንኑ ሚሊዮን በአሥር ዓመት ቢከፍሉት ወሩ አሥራ ሰባት ሺህ ሦስት መቶ ሰማንያ ይሆናል። ጭማሪው ሁለት ሺህ ሰባት መቶ ነው፤ በጠቅላላው የሚቀርላቸው ግን አንድ ሚሊዮን አራት መቶ ሺህ ብር ያህል ነው። ያ ለደመወዛቸው ይከብዳል። እንግዲያስ ቤቱ ይነስ። ሰዉ በፊት እንዴት ነበር የሚሠራው? ሁለት ክፍል ሠርቶ ይገባል፣ ሌላውን እየኖረ ይጨምራል። አምስት መቶ ሺህ ለአሥር ዓመት ቢበደሩ ወሩ ስምንት ሺህ ስድስት መቶ ዘጠና ነው። ተከፍሎ ሲያልቅ በጠቅላላው አንድ ሚሊዮን አርባ ሦስት ሺህ። የእርስዎና የእትዬ አልጣሽ ቤትም ከመያዣ ይወጣል። ምንይሉ የሕይወት ዋስትና ይግባ፤ ሩቲም እያንዳንዱን ገጽ አንብባ ትፈርም።”

“ሁለት ክፍል…” አሉ። “ለሩቲ አባት ሦስት ክፍል ነበር ያልኩት።”

መንገዱ ሲከፈት ረፋድ ሆኗል። ኮምቦልቻ መናኸሪያ ሲደርሱ አቶ ይርጋ፣ “ጉዳይሽ የማያስቸኩል ከሆነ ከእኔ ጋር ነይ” አሏት፤ የራሷን ፊርማ ለከሰዓት አቆይታ ሄደች። ምንይሉና ሩቲ ባንኩ በር ላይ ጥላ ይዘው ቆመው ነበር። አባቱ እንደማይፈርሙ ሲነግሩት ምንይሉ ፊቱ ጠቆረ።

“አባባ፣ ስድስት ወር የሮጥኩበት ነው! ዛሬ አፍርሰውት ነገ ዋጋው ቢጨምርስ? ደግሞ በዚህ ሁሉ ሰው ፊት?”

“ልጄ፣ እኔም ዛሬ ጠዋት እንዳንተው ነበርኩ። ሰንጠረዡን አይተኸዋል?”

ወረቀቱን ከፖስታው አውጥተው ዘረጉ። ወረቀቱን የተቀበለችው ሩቲ ናት። ጥላዋን አጥፋ፣ ግድግዳ ተጠግታ፣ ከመጀመሪያው መስመር እስከ መጨረሻው አነበበች። ከዚያ ለምንይሉ ሰጠችውና፣ “ሃያኛው ዓመት ላይ እኔ አርባ ስድስት ዓመቴ ነው” አለችው። ሌላ አልጨመረችም።

ከዚያ በኋላ የሆነው ሁሉ አልተቃናም። መጀመሪያ የታሰበውን ቤት ትተው የያዙት ባለ ሁለት ክፍል ቤት ከፋብሪካው ይርቃል፤ ግድግዳው በውጭ በኩል ገና አልተለሰነም። ብድሩ አምስት መቶ ሺህ ነው፣ ለአሥር ዓመት። ምንይሉ ከአባቱ ጋር አንድ ወር አኩርፎ ቆየ። አቶ ይርጋ የሩቲ አባት ቤት ብቻቸውን ሄደው፣ “ቃሌን ልበላ መጣሁ” ሲሉ ሰውየው ከመቀመጫቸው አልተነሡላቸውም። ቁጥሩን እስኪጨርሱ ድረስ ግን አዳመጧቸው፤ ሲጨርሱ፣ “እኔም ልጄን ለሃያ ዓመት ዕዳ አልዳርኳትም” አሏቸው። ሰርጉ በጥር ተደረገ። አልጣሽ ካርታውን ወደ ሣጥኗ መለሰች፤ ለመቆለፊያውም ሁለተኛ ቁልፍ አስቀረፀችለት። ከደመወዛቸው ላይ ብድሩ ተከፍሎ የሚተርፈው ይብዛም ይነስ የልጆቹ ነው፤ ዕድሜያቸውም እንዲሁ።

በየካቲት የእድሩ ስብሰባ ላይ አቶ ይርጋ ሂሳቡን ካነበቡ በኋላ አልተቀመጡም። “ሃያ ሁለት ዓመት አምናችሁኛል፤ አንድ ሂሳብ ግን ተሳስቼ ነበር” ብለው ጀመሩ። የአምስት መቶ አንዱን ብር ነገር ነገሯቸው። ከዚያ፣ “ቤት በብድር የያዘ ወይም ሊይዝ ያሰበ ሁሉ ለሚቀጥለው እሑድ ውሉን ይዞ ይምጣ። ወይዘሮ ባይነሽ ታነብልናለች። ባልም ሚስትም አብረው ይምጡ” አሉ።

ባይነሽ አልፈለገችም ነበር፤ እምቢ ለማለት ግን ምክንያት አጣች። በእሑዱ አሥራ አንድ ሰው ውል ይዞ መጣ። ከሚስቶቹ ውስጥ ወረቀቱን ከዚያ ቀን በፊት አይታው የምታውቅ ሁለት ብቻ ነበሩ። ባይነሽ አንድ በአንድ አነበበች። ለፈረሙት ሁሉ ከወሩ ክፍያ በላይ ጥቂት እየጨመሩ በቀጥታ ዋናውን ዕዳ ማቃለል ይቻል እንደሆነ ባንካቸውን እንዲጠይቁ ነገረች። እንደ ምንይሉ ባለ ብድር ላይ በየወሩ ሁለት ሺህ ቢጨመር ሃያው ዓመት ወደ አሥራ አንድ ዓመት ከሦስት ወር እንደሚወርድ አስልታ አሳየቻቸው። አንዳንዶቹ ጻፉት። አንዳንዶቹ መጨመር ቀርቶ የወሩን መሙላትም እንደቸገራቸው ተናግረው አንገታቸውን ደፉ።

ሲመሽ ወረቀቶቹን ለየባለቤቶቻቸው መለሰች። ከአሥራ አንዱ ውስጥ ገና ያልተፈረሙት፣ አሁንም ሊለወጡ የሚችሉት፣ ሦስት ነበሩ።